ቲሸርቱ ደረት ነው የሚሸፍነው

ሰላም ለዝግጅት ክፍሉ፣

ላዩ ላይ በታተመ ዥንጉርጉር ምስል የጥበቃ ካሜራን ያሞኛል ስለሚባለው ልብስ ያወጣችሁትን አነበብኩት፣ ደስ ይላል ግን ሁለት ነገር አቀላቅላችኋል። እኔ ቲሸርት አታሚ ነኝ፣ ጽሁፉ ከወጣ ወዲህ ልጆች ከኢንተርኔት ያወረዱትን ዥንጉርጉር ምስል ይዘው «ይቺን አትምልን፣ ካሜራ እንዳያየን» እያሉ እየመጡ ነው። ገበያውን አልጠላሁትም፣ ግን ሰው በማይሆን ተስፋ ብሩን ሲያወጣ ዝም ማለት ከበደኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ካሜራው ጀርባ ያለው ሲስተም አንዱ ስራው «እዚህ ጋ ሰው አለ» ማለት ነው፣ ሌላው «ይሄ ሰውዬ እገሌ ነው» ማለት ነው፣ እነዚህ የሚወራላቸው ልብሶች ደግሞ አብዛኞቹ የሚያሞኙት የመጀመሪያውን ነው። እ.ኤ.አ. በ2019 ቤልጂየም ሉቨን ያሉ ተመራማሪዎች 40 በ40 ሴንቲ ገደማ የሆነች ባለቀለም ካርቶን ሆዳቸው ላይ ይዘው ዮሎ ቪ2 የሚባለውን፣ ምስል ላይ ሰውና ዕቃ የሚፈልግ ሲስተም ሰው የለም አስብለውታል፣ ካርቶኗ ስትገለበጥ ግን ሰውየው ወዲያው ይታያል። ጨርቅ ላይ ሲሆን ይብሳል፣ ይታጠፋላ፣ ይጨማደዳላ። አሜሪካ ያሉት የኖርዝኢስተርንና የኤምአይቲ ዩኒቨርሲቲ ሰዎች ጭምድዱን ሳይቀር አስልተው የሰሩት ቲሸርት እንኳን በተግባር ሲሞከር የተሳካለት 57 በመቶ ነው፣ ያውም ለዛው ለዮሎ ቪ2 ተብሎ ተሰርቶ። ሱቁ ወይ ህንጻው ላይ የተሰቀለው ካሜራ በምን ሲስተም እንደሚሰራ ማን ያውቃል?

እኔ ጋ የሆነውን ልንገራችሁ። አንዱ ልጅ ያመጣት ምስል ስክሪንሾት ናት፣ ከላይ የባትሪው ምልክት ሳይቀር አለባት። ለደረት ስትሰፋ ፒክስሏ ተበተነ፣ በዲቲኤፍ (ምስሉን ፊልም ላይ አትሞ በሙቀት ጨርቅ ላይ ማጣበቅ ነው) ሳወጣት ስልኩ ላይ የሚያበራው አረንጓዴ ድብዝዝ አለ፣ ይሄ እንግዲህ ማንም አታሚ የሚያውቀው ነው፣ ስክሪን የሚያሳየውን ቀለም ሁሉ ማተሚያ አያወጣውም። የነዚህ ምስሎች ሚስጥር ደግሞ ቀለማቸውና ቅርጻቸው ላይ ስለሆነ ተበላሸ ማለት ነው። ብቻ ልጁ አልሰማኝም፣ እዛው ለብሶ ቆመ፣ ጓደኛው ስልኩን ሲደግንበት ያቺ ስልክ ፊት ሲያገኝ የሚያወጣት ቢጫ አራት ማዕዘን ፊቱ ላይ ቁጭ! «ቀለሙ አንሶ ነው መሰለኝ» አለኝ። ኧረ ወንድሜ፣ ፊትህ ክፍት ነው!

ፊትን ለማምታታት የተሞከረም አለ፣ አዳም ሃርቪ የሚባል አርቲስት እ.ኤ.አ. በ2010 ሜካፕና የጸጉር አሰራር አውጥቶ ነበር፣ ያኔ ለነበረው ሶፍትዌር ነው እንጂ ለዛሬው አይሆንም።

እና ደግሞ እኛን ሃበሾችን የሚያሳስበን መታየቱ ብቻ መስሎ አይታየኝም። ኒስት የሚባለው የአሜሪካ መንግስት ተቋም እ.ኤ.አ. በ2019 ብዙ የፊት መለያ አልጎሪዝሞችን ፈትሾ ሁለት የተለያዩ ሰዎችን «አንድ ናቸው» ብሎ መሳሳት የሚበዛው በምዕራብና በምስራቅ አፍሪካ እንዲሁም በምስራቅ እስያ ሰዎች ላይ ሆኖ አግኝቶታል፣ ምስራቅ አፍሪካ ማለት እኛው ነን። ከዛ በፊት እ.ኤ.አ. በ2018 አዲስ አበባ ተወልዳ ያደገችው ተመራማሪ ትምኒት ገብሩ ከሌላዋ ተመራማሪ ከጆይ ቡኦላምዊኒ ጋር ሆና ፊት አይተው ጾታ የሚለዩ ሲስተሞችን ስትፈትሽ ጠቆር ያሉ ሴቶች ላይ ስህተቱ እስከ 34.7 በመቶ ደርሷል፣ ነጣ ያሉ ወንዶች ላይ 1 በመቶ እንኳን አልሞላም። አሜሪካ ውስጥ ኮምፒውተሩ ስላሳሳተ ያልሰሩት ወንጀል ተለጥፎባቸው የታሰሩ ጥቁሮች አሉ። እንግዲህ ሲስተሙ እኔን ከማላውቀው ሌባ ጋር ካመሳሰለኝ ደረቴ ላይ ቀጭኔ ባትም ምን ይፈይድልኛል? (ጣሊያኖች ያወጡት እንዲህ ያለ ሹራብ አለ፣ ሲስተሙ ሰውን ቀጭኔ ወይ የሜዳ አህያ ነው እንዲል ተብሎ ነው የተሰራው፣ ዋጋው ሌላ ጉድ ነው።)

ስለዚህ እባካችሁ በሚቀጥለው እትም ልብሱን ተዉትና ስለ ግል መረጃ ጥበቃ አዋጁ፣ ስለ 1321/2016 ጻፉልን። ፊቴ ተቀርጾ ለስንት ጊዜ ነው የሚቀመጠው፣ ማን ማን ያየዋል፣ ከሌላ ሰው ጋር ቢያምታቱኝ በምን በኩል ነው አቤት የምለው? ተቆጣጣሪው የኢትዮጵያ ኮሙኒኬሽን ባለስልጣን ነው፣ ደውላችሁ ጠይቁልን፣ እኛ ብንደውል ማን ያነሳልናል።

አንባቢያችሁ ቲሸርት አታሚው
ከአዲስ አበባ