ስተርት ለፓውሌት ምስክር አትሆንም

ይድረስ ለጋዜጣው አዘጋጅ፣

እንግሊዞች የግጦሽ መሬታቸውን ለባሕር ስለለቀቁባት ስለ ስተርት መንደር ያወጣችሁትን ጽሑፍ አንብቤዋለሁ። ስለ መንደሪቱ የተባለው በአመዛኙ ልክ ነው። ያልተዋጠልኝ መደምደሚያው ነው፤ እዚያ ከሠራ በየትኛውም የባሕር ዳር መንደር ይሠራል ይላል። የምኖረው እዚያው ሶመርሴት፣ ብሪጅዋተር ስለሆነ ጥቂት ልጨምር።

ስተርት የፓሬት ወንዝ ባሕር በሚገባበት አፍ ላይ ያለች፣ ጥቂት ቤቶች ብቻ ያሏት መንደር ናት። በሰቨርን ወንዝ መውጫ ባሕሩ ሲሞላና ሲጎድል ያለው ልዩነት እስከ 14 ሜትር ይደርሳል። የድሮው የአፈር ግድብ ይህን እያደር መመከት እንደማይችል ስለታወቀ፣ ወደ ውስጥ ገባ ብሎ አዲስ ግድብ ተሠራና የድሮው በ2014 እ.ኤ.አ. ሆን ተብሎ ተቀደደ። የገባው ውኃ ደለሉን እየጣለ ሜዳውን ጨዋማ ረግረግ አደረገው፤ ማዕበሉ አሁን መንደሩ ሳይደርስ እዚያው ጉልበቱ ይበርዳል። ከብትም ይግጥበታል። 20 ሚሊዮን ፓውንድ ገደማ ወጥቶበታል። በዚያው ዓመት መጀመሪያ ሶመርሴት በጎርፍ ተጥለቅልቆ ስለነበር «ገንዘቡ ለወፍ ፈሰሰ» ያሉ ነበሩ። እርግጥ ሌላ ቦታ ለሚጠፋ ረግረግ ማካካሻ እንዲሆንም ታስቦ ነበር። ቢሆንም መንደሪቱ ግድቧን አግኝታለች።

ከወንዙ ማዶ ያለችው ፓውሌት ጉዳይዋ ሌላ ነው። በአካባቢው እየተገነባ ያለው የሂንክሊ ፖይንት ሲ የኑክሌር ማመንጫ ለማቀዝቀዣ በሰከንድ 132 ሺህ ሊትር ውኃ ከባሕሩ ይስባል፤ ዓሣውም አብሮ ይሳባል። በ2013 እ.ኤ.አ. ፈቃድ ሲሰጠው ዓሣ በድምፅ የሚያባርር መሣሪያ እንዲተክል ታዞ ነበር። በኋላ ማመንጫውን የሚገነባው ኩባንያ መሣሪያውን ለሚጠግኑ ጠላቂዎች አደገኛ ነው ብሎ መሣሪያው ይቅርልኝ አለ፤ በምትኩም የፓውሌትን ሜዳ ረግረግ ላድርግ ሲል ሐሳብ አቀረበ። ለዘመናት ከብት ሲግጥበት የኖረ ሜዳ ነው። የፓውሌት ሰው መሬቱን የሚጠየቀው ውኃ ስለመጣበት ሳይሆን፣ ሌላው ለሚያጠፋው ዓሣ ካሣ እንዲሆን ነበር።

ዓሣው ደግሞ የወረቀት ላይ ቁጥር ብቻ አይደለም። እዚያው አጠገብ ስቶልፈርድ የሚባል ቦታ አጥማጆች ጭቃው እንዳይውጣቸው የእንጨት ተንሸራታች በደረታቸው እየገፉ ነው መረባቸው ጋ ሲደርሱ የኖሩት። ይህ ሙያ ዛሬ ሊጠፋ ተቃርቧል።

የፓውሌት ሰዎች አጥብቀው ተቃወሙ፤ ኩባንያው ትቷቸው በሰቨርን ዳር ሌሎች መንደሮችን ማማተር ያዘ። በ2025 እ.ኤ.አ. ግን አዲስ የድምፅ መሣሪያ በሙከራ ውጤት እንዳሳየ አስታውቆ፣ ይቅርልኝ ወዳለው የድምፅ ዘዴ ተመለሰ። «ለዓሣው የሚሆን ሌላ መላ የለም» ሲባሉ የከረሙት ገበሬዎች ይህን ሲሰሙ ምን እንዳሉ ጽሑፋችሁ ቢጠይቅ ደስ ባለኝ።

ስለ ባሕር ዳር መንደሮች ዳግም ስትጽፉ ፓውሌትንም አንሷት።

አክባሪያችሁ፣
አንድ አንባቢ፣ ከብሪጅዋተር