አበባዋን ከጀበናዬ አርቁልኝ

ይድረስ ለጋዜጣው አዘጋጅ፣

ሰላም ለእናንተ ይሁን። ዙሪያ ጥምጥም ሳልሄድ ወደ ጉዳዬ ልግባ። የሰው ስሜት እያዩ ስለሚያበሩት አበቦች ያወጣችሁትን ጽሑፍ አንብቤዋለሁ። እውነቱን ለመናገር ጋዜጣውን ገዝቼ ሳይሆን አንድ ደንበኛዬ በርጩማ ላይ ጥሎት ሄዶ ነው። ፈጠራ መሆኑን ነግራችሁናል፣ ገብቶኛል። ሰው ሲናደድ የምትቀላ፣ ሲያዝን ሰማያዊ የምትሆን፣ ሲደሰት እንደ አደይ አበባ ቢጫ የምትሆን፣ እናትና ልጅ፣ አክስትና የእህት ልጅ እያላችሁ የዘር ሐረግ የቆጠራችሁላቸው አንድ ቤተሰብ። ደስ ይላል። አልዋሽም፣ ሁለቴ ነው ያነበብኩት። የከነከነኝ መጨረሻው ነው። አበቦቹ መንገድ ዳር፣ በተለይ ከአራት ኪሎ እስከ ፒያሳ ቢተከሉ ከተማዋ ምን ታምር ነበር አላችሁ። እዚህ ላይ ነው የማልስማማው።

እኔ አራት ኪሎ ጀበና ቡና ነው የማፈላው። አንድ ረከቦት፣ ስምንት በርጩማ፣ ትንሽ ቄጤማ፣ በቃ። ከደንበኞቼ ብዙዎቹ እዚሁ ሳይንስ ግቢ የሚማሩ ልጆች ናቸው። ጽሑፋችሁን ለአንዱ የባዮሎጂ ተማሪ ሳሳየው ሳቀና "ማዘር፣ ግማሹ እኮ እውነት ነው" አለኝ።

ለካ የሚያበራ ተክል ከተሠራ ቆይቷል። እ.ኤ.አ. በ1986 ከዚያች ማታ ማታ ሆዷ ብልጭ ድርግም ከምትል ጢንዚዛ ዘረ መል ወስደው ትንባሆ ውስጥ አስገቡ። አበራ፣ ግን እንዲያበራ አንድ ኬሚካል ውኃ ውስጥ እየበጠበጡ ማጠጣት ነበረባቸው። በ2020 ደግሞ ሌሎች ከሚያበራ እንጉዳይ ወሰዱ። ይኼኛው ተጨማሪ ነገር አይጠይቅም፣ ከችግኝነቱ ጀምሮ በራሱ አረንጓዴ ያበራል። ብርሃኑ የሚነሣው ካፌይክ አሲድ ከሚባል ነገር ነው፣ እሱ ደግሞ ተክል ሁሉ ውስጥ አለ። ስሙ ከቡና የመጣ ነው ሲለኝ እንዴት ደስ እንዳለኝ! ካፌይን እንዳይመስላችሁ፣ ሌላ ነው፣ እኔም መጀመሪያ ተምታቶብኝ ነበር። ከ2024 ጀምሮ አሜሪካ ውስጥ ፔቱኒያ የምትባል የምታበራ አበባ ለሰው ቤት ትሸጣለች።

ታዲያ የሰው ስሜት ያውቃል ወይ አልኩት። የሰውን አያውቅም፣ የራሱን ግን ያሳብቃል አለኝ። ለጋው እምቡጥ ካረጀው ቅጠል ይበልጥ ያበራል። የበሰለ ሙዝ ልጣጭ አጠገቡ ሲያስቀምጡ ከልጣጩ የሚወጣው ጋዝ ብርሃኑን አደመቀው። የሙዝ ልጣጭ! እኛ እዚህ አዳልጦን የምንወድቅበት። ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1966 አንድ አሜሪካዊ የውሸት መመርመሪያ ባለሙያ ማሽኑን ድራሲና ከምትባል የቤት ውስጥ ተክል ቅጠል ጋር አገናኝቶ፣ ተክሏ ያሰብኩትን አወቀችብኝ ብሎ ሰውን ጉድ አሰኝቶ ነበር። ሌሎች ደግመው ቢሞክሩት አልሠራላቸውም። እሰይ ነው ያልኩት።

እሰይ ያልኩት ለምን መሰላችሁ? እኛ ሆዳችን ሌላ ፊታችን ሌላ ሆኖ ነው ተከባብረን የምንኖረው። እንዴት አደርክ ሲባል መልሱ እግዚአብሔር ይመስገን ነው፣ ሌሊቱን ሙሉ ዓይኑ ሳይከደን ቢያድርም። እስቲ አስቡት፣ ደላላው ይኼ ቤት ውኃ ጠፍቶበት አያውቅም እያለ ሲምል ከጀርባው አበባዋ ቀለሟን ስትለዋውጥ። ለቅሶ ቤት ደረቷን እየደቃች ከምታለቅሰው ሴትዮ አጠገብ ቢጫዋ ቦግ ስትል። ታክሲ ሰልፍ ላይ ከተተከሉማ ከ11 ሰዓት በኋላ የመንገድ መብራት አያስፈልግም፣ ዳር እስከ ዳር ቀይ ነው።

የቤተሰቡን ዝርዝር ስታወጡም ዋናዎቹን ዘንግታችኋል። ንዴት፣ ሐዘን፣ ደስታ ብቻ? ይሉኝታስ? እሷ ሰው ሲያያት ብቻ ነው የምትበራው፣ ዞር ሲሉ ድርግም። ሆደ ባሻዋስ፣ ውኃ ሲያጠጧት ለምን ዘገያችሁ ብላ የምትደበዝዘው? ኩርፊያ ደግሞ አለች። ኩርፊያ ሲለምኗት አትበራም። ለምነው ለምነው ሲተዋት ነው ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ላይ ብቻዋን ቦግ የምትለው።

አሁን ቁም ነገሩን ልንገራችሁ። አንድ ደንበኛ አለኝ። ቤታቸው ካዛንቺስ ነበር፣ ሰፈሩ ሲፈርስ ከተማው ጫፍ ገቡ። እሱ ግን በሳምንት ሁለት ቀን፣ ሁለት ታክሲ ቀያይሮ እኔ ጋ ይመጣል። ቡናው እዚያም አለ እኮ። እንዴት ነህ ስለው "አለን" ይላል። ሁልጊዜ "አለን" ነው። በፊት ስኳሩን ጣል አድርጎ፣ አንዴ ሁለቴ አማስሎ ፉት ይል ነበር። አሁን ስኳሩ ሟሙቶ ካለቀ በኋላም ያማስላል፣ ማንኪያው ከሲኒው ጋር እየተጋጨ፣ ዓይኑ ቁልቁል ወደ ካዛንቺስ በሚወስደው መንገድ ላይ ተተክሎ፣ ቡናው ቀዝቅዞ አረፋው እስኪጠፋ ድረስ ያማስላል። እኔ ምንም አልልም። ቀስ ብዬ ሲኒውን አነሣና የቀዘቀዘውን ደፍቼ ትኩስ እቀዳለታለሁ። አላስከፍለውም። እሱም አላየም፣ ወይም ያላየ ይመስላል። ታዲያ እናንተ እዚህ መሀል ሰማያዊ የምታበራ አበባ ልትተክሉና ስምንቱም በርጩማ ዞሮ ሊያየው ነው? በማግስቱ አይመጣም። እኔ ጋ የሚመጣው ማንም ምን ሆንክ ስለማይለው ነው። እኔ በማንኪያው አውቀዋለሁ፣ ይበቃኛል።

ስለዚህ ለመንገዱ ዝም የሚል አበባ ትከሉለት።

አንድ ነገር ግን ልለምናችሁ፣ ብትስቁም ሳቁ። ያቺ ኩርፊያ የምትገኝ ከሆነ አንድ ችግኝ ለቤቴ አስቀሩልኝ። ባለቤቴ ካኮረፈ ሦስት ቀን አይናገርም፣ ምን ሆነህ ነው ስለው "ምንም"። ቀኑን ሙሉ የሰው ፊት ሳነብ ውዬ ቤቴ ስገባ የእሱ ይጠፋብኛል። አልጋው ራስጌ አስቀምጣታለሁ። ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት ላይ ቦግ ስትል እኔም ተነሥቼ ራቱን አሞቅለታለሁ።

ጀበና ቡና አፍዪዋ
ከአራት ኪሎ