መጽሐፉን ጥለሽው ሄድሽ

ልጄ፣

እናትሽ ክፍልሽን ስታጸዳ ማሽነሪስ ሃንድቡክን፣ ያንን የማሽን ሥራ መጽሐፍ፣ አልጋሽ ሥር አገኘችው። ልብስሽን አንድ ሳታስቀሪ ይዘሽ፣ እሱን ጥለሽው ሄድሽ። «ስልኬ ላይ ሁሉም አለ» ብለሻታል አሉ። ይሁን። ከዚህ ደብዳቤ ጋር ልኬልሻለሁ። በግምት አትሥሪ። ሌላ ምንም አልልሽም።

እልሻለሁ እንጂ። ስልክ ክፉ ነው አላልኩም። ግን እጅሽ ዘይት ሆኖ ስክሪን ስትነካኪ የመጀመሪያውን መልስ አምነሽ ትሄጃለሽ። መጽሐፉ ሰንጠረዡን ሙሉውን ይዘረጋልሻል። ለኤም 10፣ ለባለ 10 ሚሊው ብሎን፣ ቀዳዳ ውስጥ ጥርስ ልታወጪ ነው እንበል። ባለ 1.5 ፒቹ፣ ጥርስ ከጥርስ 1.5 ሚሊ የሚርቀው፣ በ8.5 ፑንታ ይበሳል፣ ባለ 1.25ቱ በ8.75። ጎን ለጎን ስታያቸው «የኔ የቱ ነው?» ማለትሽ አይቀርም። ስልኩ ይህን አያስጠይቅሽም።

አሮጌ እትም ነው ብለሽም አትናቂው። ማሽነሪስ ሃንድቡክ እ.ኤ.አ. በ1914 ከወጣ ጀምሮ ስንቴ ታድሷል። ለአዲሶቹ ካርባይድ መቁረጫዎች ፍጥነቱን ከአምራቹ ካታሎግ ውሰጂ። የብሎን ጥርስ ልክ ግን ያው ነው።

የግማሽ ኢንች ብሎኑን ታሪክ ታውቂዋለሽ። ግማሹን ብቻ ነው የነገርኩሽ። የእንግሊዙ የጥርስ ልክ ዊትዎርዝ በኢንች 12 ጥርስ አለው፣ የአሜሪካኑ ዩኤንሲ 13። ውፍረታቸው አንድ ነው። አንድ ፓምፕ ላይ የአንዱን ብሎን ለሌላው በተሠራ ቀዳዳ ከተትኩት። በእጄ ሁለት ዙር ገባልኝ፣ ከዚያ ያዘ። ዝገት መሰለኝ። አጠገቤ የነበረው ተለማማጅ «ጋሼ፣ መጽሐፉን እንይ?» አለኝ። «ዝም ብለህ ያዝ» አልኩት። ቁልፉን በቧንቧ አስረዝሜ ታገልኩት። የፓምፑ አካል ካስት አይረን፣ በቀላሉ የሚሰበር ብረት፣ ነበር፣ ጥርሱ ተበልቶ ረገፈ። መጽሐፉ ሁለት እርምጃ ርቆ መሳቢያ ውስጥ ተቀምጧል። አለቃችን መጥቶ «ማነው?» ሲል ያየው ልጁን ነው። እኔም ዝም አልኩ። በማግስቱ ልጁ አልመጣም።

በግምት አትሥሪ፣ ልጄ። ፀጉርሽን እሰሪ። ቶርኖ ላይ ጓንት እንዳታደርጊ፣ አንዴ ያየሁሽን አልረሳሁም። በመጀመሪያ ደሞዝሽ የጥርስ መለኪያውን፣ ፒች ጌጅ፣ ግዢ፣ የሜትሪኩንም የኢንቹንም። ብሎን ሲይዝብሽ አትታገይው፣ መልሰሽ አውጪና ለኪው። በግምት አትሥሪ።

ሽፋኑ በፕላስተር የተያያዘ ነው፣ በቀስታ ክፈቺው። የኢንች ጥርሶች ገጽ ላይ ከ12ቱ ሥር በእርሳስ የተሰመረች መስመር አለች። የእኔ አይደለችም። እንዳታጠፊያት።

አባትሽ