የኪያር ስንግ

እማዬ እንዴት ነሽልኝ? ጉልበትሽስ? ባለፈው ስንደዋወል "ምግብ አልበላ ብሎኛል፣ የጾም ሲሆንማ ጭራሽ" ያልሽኝ ከጭንቅላቴ አልወጣ ብሎኝ ነው የምጽፍልሽ፣ በስልክ ብነግርሽ እሺ እሺ ብለሽ ትረሺዋለሽ።

እዚህ ኮሪያ፣ ቹንቾን ከተማ ሙቀቱ ገብቷል፣ ኪያር በየገበያው ተከምሯል። ኪምቺ (በጨውና በበርበሬ ተብላልቶ የሚበላ አትክልታቸው) ሲባል ሁሉም ጎመኑን ነው የሚያስበው ግን በዚህ ወቅት የሚሰሩት የኪያር ነው፣ ኦይ ሶባጊ ይሉታል፣ ኦይ ኪያር ነው ሶ ደሞ ውስጡ የሚገባው። እማ ይሄ ማለት እኮ ስንግ ነው! አከራዬ ሃልሞኒ (አያት ማለት ነው፣ በኮሪያ ጦርነት በተዋጋላቸው በቃኘው ሻለቃ ምክንያት ኢትዮጵያዊ ሲያዩ ደስ ይላቸዋል) አብሬያቸው ስሰራ አንዱ ኪያር እጄ ላይ ተሰነጠቀና ወዲያው በርበሬውን ለቅልቀው አጎረሱኝ፣ አንቺ የተቀደደውን ቃሪያ ለኔ እንደምታጎርሺኝ፣ እንባዬ መጣ።

አሰራሩ እንዲህ ነው። 1 ኪሎ ቀጫጭን ኪያር በሻካራ ጨው አሽተሽ ታጥቢና 5 ወይ 6 ሳንቲ ሜትር አድርገሽ ቆርጠሽ ቁመቱን በመስቀል ትሰነጥቂዋለሽ፣ ግን እታች 1 ሳንቲ ሜትር ሳይነካ ይቅር አለዚያ ይበታተናል፣ ከዛ 1 ሊትር ውሃ በ4 የሾርባ ማንኪያ ጨው አፍልተሽ ትኩሱን ትገለብጪበታለሽ። እኔ ይቀቀላል ብዬ ደንግጬ ነበር፣ ይልቅ ሳይልፈሰፈስ ቀጭ ቀጭ እንዲል የሚያደርገው እሱ ነው። ከ30 እስከ 40 ደቂቃ ቆይቶ ሲለዝብ በቀዝቃዛ ውሃ ለቅለቅ አድርገሽ ውሃውን በደንብ አንጠፍጥፊው።

ውስጡ የሚገባው ቡቹ የሚባል ሳር የመሰለ ነጭ ሽንኩርት ነጭ ሽንኩርት የሚሸት ቅጠል ነው፣ እዛ ካጣሽ ለጋ የሽንኩርት ቅጠል ይሁን፣ ከሱ ጋር ካሮት በቀጭኑ፣ 2 ማንኪያ የተወቀጠ ነጭ ሽንኩርት፣ ዝንጅብል በትንሹ፣ 1 ማንኪያ ስኳር። በርበሬው 5 ማንኪያ ነው ግን አደራ የኛን እንዳትጨምሪ! ኮረሪማው ኪያሩን ይጫነዋል፣ ደቃቅ ስለሆነም ይጨቀያል። የነሱ ጎቹጋሩ ፍሬው ወጥቶ ሸርከት ተደርጎ የተፈጨ ነው፣ ቀለሙ ደማቅ ቢሆንም ብዙም አያቃጥልም። ግማሽ ኪሎ በሰው ልኬልሻለሁ።

ሃልሞኒ የአሳ ሶስ ይጨምሩበታል፣ ላንቺ ግን የሰኔ ጾም ስለሆነ በሱ ፈንታ 3 ማንኪያ አኩሪ አተር ሶስ አድርጊ። ጎደለበት እንዳትዪ፣ እዚህ የቡድሃ መነኮሳትም ኪምቺያቸውን ያለ አሳ ነው የሚሰሩት፣ ነጭ ሽንኩርት ራሱ አያገቡበትም።

ከዛ እንደ ስንግ ሞልተሽ በጠርሙስ ጠቅጠቅ፣ ጓንት ግን አድርጊ አይንሽን ትነኪያለሽ። ሰኔ ብርድ ስለሆነ 1 ቀን ውጪ ይደርና ፍሪጅ ይግባ። ውሃ ያወጣል፣ አትድፊው፣ ጣዕሙ እሱ ውስጥ ነው። እንደ ጎመኑ አይቆይም፣ በሳምንት ውስጥ እለቁት ስለዚህ ጎረቤትም አቅምሺ።

እኔ የላክሽልኝን ሽሮ ሰርቼ በሱ በላሁት፣ በጣም ሄደልኝ። ግን ግፊትሽን አስቢ፣ ጨው አለው፣ በማዕድ ከ2 ፍሬ በላይ እንዳትበዪ፣ ለጥርስሽም ቀጠን አድርገሽ ቁረጪው።

ስትሰሪው በቪዲዮ ደውዪልኝ፣ ብቻ እኛ በ6 ሰዓት ስለምንቀድማችሁ ጠዋት ይሁን። ስትበዪ ማየት ነው የምፈልገው።

ልጅሽ