የዋጋ ካርዶቹ ለደንበኛ አልነበሩም

እማዬ፣

እንዴት ሰነበትሽ? ዓይንሽስ እንዴት ሆነልሽ? እህቴ ጠብታውን በሰዓቱ እያደረገችልሽ እንደሆነ ነገረችኝ። "ራሴ አደርገዋለሁ" እያልሽ እንደምታስቸግሪያትም አልደበቀችኝም። እባክሽ እሷ ታድርግልሽ። የዓይን ሞራው ከወጣ በኋላ ለጥቂት ሳምንታት ከባድ ነገር እንዳታነሺ፣ ጎንበስ እንዳትዪ፣ አቧራ ውስጥ እንዳትገቢ ሐኪሙ ሲነግርሽ አብረን ሰምተናል። የኛ ሥራ ደግሞ ሌላ ምን አለው? ሳጥን ማንሳት፣ ጎንበስ ማለት፣ አቧራ። ስለዚህ "ለሚቀጥለው ገበያ እመጣለሁ" የምትዪውን ለጊዜው ተዪው።

ልጆቹ ደህና ናቸው። ትንሿ ቲማቲሙን የምትደረድረው እንዳስተማርሻት ነው፣ ከግንዱ የተቀጠፈበትን ጎን ወደ ታች አድርጋ። ሰው አንስቶ ሲጫነው "በጣትህ አትጫነው፣ ይበላሻል፣ አያቴ ናት ያለችው" ትላለች፤ ሰዉም ይስቅና ይገዛታል። ትልቁ አሁን ድንኳኑን ብቻውን ይተክላል። ያ የነፋሱ ቀን ከሆነ ወዲህ አባዬ የሠራቸውን የሲሚንቶ ክብደቶች በ4ቱም እግር ላይ ሳያስር ምንም ነገር ከመኪና እንዲወርድ አይፈቅድም። ሰማዩ ጥርት ብሎ እንኳ ያስራል። አባዬን ይመስለኛል።

ደግሞ አንድ ነገር ላጫውትሽ። አንቺ ዕድሜሽን ሙሉ ቲማቲምና ሰላጣ ጎን ለጎን አይቀመጡም ትዪ ነበር። ለምን ስንልሽ "ይጣላሉ" ነበር መልስሽ። ትልቁ አንብቦ ነገረኝ፤ የበሰለ ቲማቲም ኤትሊን የሚባል ጋዝ ያወጣል፣ በሱ የተነሳ ቅጠሉ ቶሎ ቢጫ ይሆናል፣ ካሮትም ይመራል። ቲማቲም ማቀዝቀዣ ውስጥ አይግባ የምትዪውም ልክ ነው፣ ከ10 ዲግሪ በታች ከቆየ ጣዕሙ ይጠፋል። የካሮቱን ቅጠል ቶሎ ቁረጡ የምትዪውም፣ ቅጠሉ ውሃውን ከሥሩ ስለሚስብ ነው። ድንቹን ከብርሃን ሸፍኑ ስትዪን የነበረውም፣ አረንጓዴ ከሆነ ስለሚመርና ስለሚጎዳ ነው። ማንም ሳያስተምርሽ ይህን ሁሉ ታውቂ ነበር። ልጁ ሲነግረኝ አለቀስኩ፣ ለምን እንዳለቀስኩ ግን አልገባውም።

ይህን ሁሉ የምዘበዝብልሽ ዋናውን መናገር ስለፈራሁ ነው።

ከጥቂት ወራት በፊት በየዘንቢሉ ላይ የዋጋ ካርድ ስሰካ ተቆጥተሽኝ ነበር። "ዋጋ ተጽፎ ካየ ሰው አይጠይቅም፣ ካልጠየቀ አያወራም፣ ካላወራ ደንበኛ አይሆንም" አልሽኝ። እኔ ደግሞ መጠየቅ የሚያፍር ሰው አለ፣ ዋጋ ካላየ አልፎ ይሄዳል አልኩሽ። ያልኩሽ ውሸት አይደለም፣ ካርዱን አንብበው የሚቆሙ አዳዲስ ሰዎች አሉ። ምክንያቱ ግን እሱ አልነበረም። ካርዶቹን የጻፍኩት ላንቺ ነው እማዬ። ያን ቀን ጠዋት የካሮቱን ዋጋ ራስሽ ወስነሽ፣ ፀሐይ ሳትሞቅ 3 ጊዜ ጠየቅሽኝ። ሦስተኛው ላይ ደንበኛዋ አየችኝ። እኔም ሌላ ቦታ አየሁ።

"ዓይኔ ነው" አልሽ። ሁላችንም ዓይኗ ነው አልን፤ ደስ እያለን ነው ያልነው፣ ዓይን ይታከማል። ሚዛኑን አሳስተሽ ስታነቢ ዓይን ነው። ሚዛኑን ዜሮ ሳታደርጊ ከነዘንቢሉ ስትመዝኚም ዓይን ነው አልን። ግን ራስሽ ያወጣሽውን ዋጋ ዓይን አያስረሳሽም። ይህን ለራሴም ጮክ ብዬ የተናገርኩት አሁን ስጽፍልሽ ነው።

ሌላም ያልነገርኩሽ አለ። ከቀዶ ሕክምናሽ በፊት 3 ገበያ ተከታትሎ ሒሳብ ጎደለን። እንደምታውቂው ጠዋት ለመልስ የያዝነውን ዝርዝር ቆጥሬ እጽፋለሁ፣ ማታ ከተገኘው ገንዘብ እሱን ቀንሼ፣ ቀሪውን ከወረደው ዕቃ ከተሸጠው ጋር አስተያያለሁ፣ እና አልገጥም አለ። ትንሽ ቢሆን በምራቂ አለቀ እል ነበር፣ አንቺ እጅሽ ለጋስ ነው። ትንሽ ግን አልነበረም። የጠረጠርኩት የሚያግዘንን ልጅ ነው። በሦስተኛው ገበያ ማብቂያ ላይ ሁሉም ሸራውን እያጠፈ ሳለ፣ በሰው ፊት፣ "ኪስህን አሳየኝ" አልኩት።

ቃሉ ከአፌ ሲወጣ ድምፁ ያንቺ ነበር።

አንቺ ትዝ ይልሽ እንደሆነ አላውቅም፤ አንድም ቀን ተነጋግረንበት አናውቅም። 11 ዓመቴ ነበር። ገበያው ተበትኗል። ገንዘብ የምናስቀምጥበትን ቆርቆሮ ቆጠርሽ፣ ጎደለ። ደግመሽ ቆጠርሽ። ከዚያ አንዲት ጥያቄ ሳትጠይቂኝ እጄን ይዘሽ፣ የጎረቤት ነጋዴዎች ሁሉ እያዩ፣ ኪሴን ገለበጥሽው። የወጣው ቁራጭ ክር ብቻ ነበር። ማር የምትሸጠው ሴትዮ ፊቷን አዞረች። ማታ ሽርጥሽን ስትፈቺ ገንዘቡ ከእጥፋቱ ውስጥ ወደቀ። እኔ የተኛሁ መስሎሽ ነበር፣ አየሁ። አባዬም አየ። ማንም ምንም አላለም።

በሚቀጥለው ገበያ፣ ገና ሰው ሳይመጣ፣ ቆርቆሮውን አምጥተሽ ጭኔ ላይ አስቀመጥሽና "ያዢው" አልሽኝ። ያቺ ቃል ይቅርታሽ እንደሆነች ለራሴ ስነግረው ኖሬአለሁ። አንዳንድ ቀን አምናለሁ፣ አንዳንድ ቀን አላምንም። ኪሴን የገለበጥሽው ሰው ሁሉ እያየ ነው፣ ቆርቆሮውን የሰጠሽኝ ግን ማንም ሳያይ ነው። ማር ሻጯ እስከ ዛሬ ሌባ ናት ትለኝ ይሆን እያልኩ ነው ያደግሁት። አሁንም የሰው ገንዘብ ስቆጥር እጄን ከፍ አድርጌ ነው፣ ሁሉም እንዲያየኝ። ባሌ ለምን እንደማደርገው አንድ ቀን ጠየቀኝ፤ ልማድ ነው አልኩት።

ልጁ ኪሱን ገልብጦ አሳየኝ። ምንም አልነበረበትም። አላለቀሰም፣ ዝም ብሎ ሳጥን መጫኑን ቀጠለ፣ እሱ ባሰብኝ።

በሳምንቱ ያቺ ሁልጊዜ ቆስጣ የምትገዛን ሴትዮ ገንዘብ ይዛ መጣች። ባለፈው ትንሽ ኖት ሰጥታሽ አንቺ የትልቁን መልስ ሰጥተሻት ኖሯል። ቤቷ ገብታ ነው ያወቀችው። "እማማ ደክሟቸው ነበር መሰለኝ" አለችኝ፣ እንዳላፍር ብላ። እሷ መለሰች፤ ያልመለሱት ስንት እንደሆኑ እንጃ። ወዲያው ልጁን ጠራሁትና እነዚያው ነጋዴዎች ባሉበት ጮክ ብዬ ይቅርታ ጠየቅሁት። እግሬ ይንቀጠቀጥ ነበር። ከባድ ነው እማዬ፣ ለምን እንዳልቻልሽ ያን ጊዜ በመጠኑ ገባኝ። ግን ይቻላል።

ይህን የምጽፈው አሁን፣ ታመሽ ባለሽበት፣ ልከስሽ አይደለም። ከዘገየሁ ግን የምጠይቀው ሰው እንዳላጣ ፈራሁ። አንቺ ከረሳሽው እኔ ብቻዬን ይዤው ልቀር ነው። ስለዚህ ትዝ የሚልሽ ከሆነ ንገሪኝ። በስልክም ይሁን፣ ከፈለግሽ ለእህቴ ንገሪያት እሷ ትንገረኝ።

አሁን ወደ ሥራው። ለሐሙስ ጠዋት ሐኪም ቀጠሮ ይዤልሻለሁ፣ ይኼኛው የዓይን አይደለም። እንዳትቆጪ። መርሳት ሁሉ አንድ ዓይነት አይደለም፤ የቫይታሚን ቢ12 ማነስም ያስረሳል፣ የታይሮይድ ዕጢ ችግርም፣ አንዳንድ መድኃኒትም፣ ኀዘንም። አባዬ ከሄደ ወዲህ ምን ያህል እንደምትበዪና እንደምትተኚ እናውቃለን። ደም ተመርምሮ የሚታወቅ፣ የሚታከም ነገር ሊሆን ይችላል። ካልሆነም አብረን እንሰማዋለን። የምትወስጃቸውን መድኃኒቶች በሙሉ በአንድ ከረጢት ይዘሽ ጠብቂኝ፣ የግፊቱንም፣ ያን ጎረቤት የሰጠችሽንም። ለእህቴ ጠዋት ቁርስ እንዳትሰጥሽ አልነገርኳትም፣ ምርመራው ባዶ ሆድ ይፈልግ እንደሆነ ጠይቄ እደውላለሁ።

ከገበያ ላስቀርሽ ነው ብለሽ እንዳትፈሪ። ዓይንሽ ሲድን የወንበርሽ ቦታ በማዕዘኑ በኩል ነው፣ ጥላው ቀኑን ሙሉ ከማይለቀው ጋ። ገንዘቡን እኔ እይዛለሁ፣ ግማሹ ሰው አሁን በስልክ ስለሚከፍል መልስ መስጠቱም ቀንሷል። አንቺ ታወሪያለሽ። ሰው በየገበያው "እናትሽ የት ናቸው?" እያለ ነው የሚያልፈው፤ አንዱማ ሰላጣውን መልሶ አስቀምጦ ሄደ፣ መርጠሽ የምትሰጪው አንቺ ነሽ መሰለኝ። ማታ ሲሆን የተረፈውን ከትልቁ ዘንቢል ወደ ትንሹ ማዛወርም ያንቺ ሥራ ነው፤ እኛ እንረሳዋለን፣ ሰው ደግሞ ሰፊ ዘንቢል ሥር የቀረ ነገር አይገዛም።

ካርዶቹ ዝናብ ነክቷቸው ቀለማቸው ፈሷል። ሐሙስ ስመጣ አዲስ ወረቀትና ማርከር ይዤ እመጣለሁ። ከሐኪም ስንመለስ አንቺ ዋጋውን ትነግሪኛለሽ፣ እኔ እጽፋለሁ። የካሮቱን ትንሿ እጽፋለሁ ብላለች፣ ካሮት ስላ ልታስገባበት።

ልጅሽ