«በከፊል» የተባለችው ልጄ ስም አላት

ይድረስ ለጋዜጣው ዋና አዘጋጅ፣

ጤና ይስጥልኝ። አቃቂ የምኖር ሹራብ ሠሪ ነኝ። ጋዜጣችሁን ለዓመታት አንብቤያለሁ፤ ደብዳቤ ስጽፍላችሁ ግን ይህ የመጀመሪያዬ ነው። ያስነሳኝ ባለፈው ወር በስፖርት ገጻችሁ ላይ ያወጣችሁት አንድ ፎቶ ነው።

ፎቶው ላይ ሁለት ልጆች መረቡ ሥር ይታያሉ። አንዷ ዘላ ኳሱን ልትመታ እጇን ወደ ኋላ ስባለች። ሌላዋ ጉልበቷን አጠፍ አድርጋ፣ ኳሱን ገና ከጣቶቿ መልቀቋ ነው። ከሥሩ «የሴቶች መረብ ኳስ ጨዋታ በከፊል» ይላል። ያቺ ጉልበቷን ያጠፈችው ልጄ ናት። ፎቶውን ቆርጬ ከሹራብ መኪናዬ በላይ ግድግዳው ላይ ለጥፌዋለሁ። ደስ ብሎኛል። ነገር ግን እዚያው ገጽ ላይ የእግር ኳስ ተጫዋቾቹ ስም እስከነአባታቸው ሰፍሯል፤ ተቀይረው የገቡት ሳይቀሩ። ልጄና ጓደኛዋ «በከፊል» ሆነው ቀሩ።

ለምን እንዲህ እንደቆረቆረኝ ላስረዳ።

ልጄ አመቻች ናት። መረብ ኳስ ላይ አንድ ቡድን ኳሱን ወደ ማዶ እስኪመልስ ሦስት ጊዜ ብቻ መንካት ይችላል። አንዷ ኳሱ መሬት ሳይነካ ታነሳለች፣ አንዷ ታመቻቻለች፣ አንዷ ትመታለች። ጭብጨባው ለምትመታው ነው። መካከል ያለችው ግን ኳሱ ሊመጣላት ሲል በዓይኗ ማዶ ያሉትን ተከላካዮች ታያለች፣ የትኛዋ አጥቂ ነፃ እንደሆነች ትወስናለች፣ ከዚያ በአሥር ጣቷ ትልካለች። ይህ ሁሉ ዓይን ጨፍኖ እስኪገለጥ ነው። እኔ በሥራዬ መቁጠር ልማዴ ስለሆነ አንድ ቀን ሜዳ ሄጄ ቆጠርኩ። አምስት ዙር በፈጀ ጨዋታ ልጄ ኳስ የነካችው 131 ጊዜ ነው። ለእሷ ነጥብ ተብሎ የተያዘላት 4 ነው።

ጣቶቿን ብታዩ ታዝናላችሁ። የግራ እጇ መካከለኛ ጣት ሁለት ጊዜ ወልቋል። ጠዋት ጠዋት ነጭ ፕላስተር ስትጠመጥም እኔ ጫፉን እይዝላታለሁ። ልምምድ ከንጋቱ 12 ሰዓት ስለሆነ በጨለማ ነው የምትወጣው። እስከ 17 ዓመቷ የተጫወተችው ሲሚንቶ ሜዳ ላይ ነው። ያኔ ጉልበቷ ሲያብጥ ማታ ማታ በሞቀ ውኃና በጨው አሽላት ነበር። ለክርኗና ለጠዋት ብርዱ ብዬ የሹራብ እጅጌ ሠራሁላት። የመጀመሪያው ስትሮጥ እየተንሸራተተ አስቸገራት። ሁለተኛው ደም ስሯን ያዛት። ሦስተኛውን ከላይ እስከ ታች ሁለት ገባ ሁለት ወጣ አድርጌ፣ ክርኗ አካባቢ 8 የክር ቀለበት ጨምሬ ሠራሁት። እሱ እሺ አለ። አሁን መላ ቡድኑ ያደርገዋል።

እኔም በጊዜዬ ተጫውቻለሁ። ከ1987 ጀምሮ ለአምስት ዓመት የክር ፋብሪካ ሠራተኛ ነበርኩ። ቀን ማሽን ላይ እቆማለሁ፣ ማታ ግቢው ውስጥ መረብ ዘርግተን እንጫወታለን። በሠራተኞች ውድድር ፋብሪካችንን ወክያለሁ። ኢሠማኮ፣ የሠራተኛ ማኅበራቱ ኮንፌዴሬሽን፣ ዛሬም በበጋ ወራት የሠራተኞች ውድድር ሲያዘጋጅ መረብ ኳስ አለበት፤ በሰማሁ ቁጥር ልቤ ይሞቃል። ልጄን ሳረግዝ ተውኩት። ከፋብሪካውም ወጣሁ። እጄ ላይ የቀረው እናቴ በዳንቴል ያስለመደችኝ የክር ነገር ነበርና ሹራብ ጀመርኩ።

ሹራብ ሠሪ ስላችሁ ክርና መርፌ ይዛ ቴሌቪዥን የምታይ ሴት እንዳይመስላችሁ። እኔ ዲዛይነር ነኝ። ቃሉን ለመጠቀም ብዙ ዓመት ፈርቻለሁ፤ አሁን አልፈራም። አንድ ሥራዬን ላሳያችሁ። የሐበሻ ቀሚስ ጥለት ላይ ያለውን መስቀል ወስጄ የሹራብ ደረት ላይ አመጣሁት። ጥለት በሽመና የሚሠራው ቀጥ ባለ ጨርቅ ላይ ነው። ሹራብ ግን ሰውነት ይዞራል፣ ትከሻ ላይ ይጠባል፣ አንገት ላይ ያልቃል። አንዱ መስቀል 12 ቀለበት ይፈልጋል። ደረቱ ዙሪያውን 192 ቀለበት ነው። 16 መስቀል ልክ ይገባል ማለት ነው። ለወፈር ላለች ሴት ሳሰፋ አምስት ወይም ስድስት መጨመር አልችልም፤ ወደ 204 መሄድ አለብኝ፣ አለዚያ አንዱ መስቀል ይቆረጣል። ትከሻው ላይ ስቀንስም ቅነሳው በመስቀሎቹ መካከል ባለው ባዶ ቦታ እንዲውል አድርጌ ነው ያሰላሁት። ለዚህ አራት ወር ፈጅቶብኛል። ስድስት ጊዜ ፈትቻለሁ። በካሬ ደብተር ላይ የሞላኋቸው ወረቀቶች እስካሁን አሉ።

ያንን ሹራብ ለናሙና ብዬ አንድ ሱቅ ሰጠሁ። የሱቁን ስም አልጠራም። «እናየዋለን» ብለው አስቀመጡት። በሁለት ወሩ መስኮታቸው ላይ ዐሥራ ምናምን ሹራብ ተሰቅሎ አየሁ፣ የእኔው ጥለት። ቀርቤ ሳይ የሌላ ሰው እጅ እንደሆነ ወዲያው ገባኝ፤ ሒሳቡን ስላላወቁት መስቀሉ ብብት ሥር ለሁለት ተቆርጧል። ስጠይቃቸው «ጥለት የሁሉም ነው እኮ እናቴ» አሉኝ። ጥለት የሁሉም ነው፣ እውነት ነው። ያቺ የ12 ሒሳብ ግን የእኔ ናት። አንድ ሹራብ 2,500 ብር ሲሸጡ እኔ ሳንቲም አላገኘሁም። ከብሩ ይልቅ ያመመኝ አንዲት ደንበኛ «ይህን ማን ሠራው?» ስትል የሱቁን ስም ሲነግሯት ቆሜ መስማቴ ነው።

የልጄ ነገር ከእኔ ጋር የሚገጥመው እዚህ ላይ ነው። ሁለታችንም ሌላው የሚጨርሰውን ነገር የምናዘጋጅ ሰዎች ነን። ሁለታችንም በጣት ነው የምንኖረው። የሁለታችንንም ሥራ ሰው «ጊዜ ማሳለፊያ» ይለዋል። ዘመድ ቤት ስንሄድ ልጄን «ኳሱን ትተሽ ሥራ መቼ ትይዣለሽ?» ይሏታል። ሥራ ይዛለች እኮ! ኮንትራት ፈርማለች። በቀን ሁለት ጊዜ ትለማመዳለች። በዚያ ላይ የሙያው ዕድሜ አጭር ነው፤ ጉልበት ካልታደለ ሠላሳ ዓመት ላይ ያበቃል። በፊት የነበረችበት ክለብ ቡድኑን ሲበትን የሦስት ወር ደመወዝ ሳይከፍላት ነው። የሚጮህላት ጋዜጣ አልነበረም። ስሟን የሚያውቅ በሌለበት ማን ይጮህላታል?

አንድ ታሪክ ልንገራችሁ። ልጄ ናት በስልኳ ያሳየችኝ፣ ጥቁርና ነጭ ፊልም ነው።

የ1957ቱ የቶኪዮ ኦሊምፒክ ሲባል እኛ የምናስታውሰው አበበ ቢቂላን ነው። ይገባዋልም። ትርፍ አንጀቱን ተቀዶ ብዙ ሳይቆይ፣ ጥቅምት 11 ቀን፣ ማራቶኑን በ2 ሰዓት ከ12 ደቂቃ ከ11 ሰከንድ ጨርሶ፣ ሳር ላይ ተኝቶ ጂምናስቲክ ሠራ። በሁለተኛው ቀን፣ ጥቅምት 13፣ እዚያው ከተማ የሴቶች መረብ ኳስ የመጨረሻው ጨዋታ ሆነ። ሴቶች በመረብ ኳስ ኦሊምፒክ የገቡት ያኔ ነው ለመጀመሪያ ጊዜ። ጃፓን ሶቪየት ኅብረትን 3 ለ 0 አሸንፋ ወርቁን ወሰደች። አብዛኞቹ የጃፓን ልጆች እነማን እንደነበሩ ታውቃላችሁ? ኦሳካ አጠገብ ካይዙካ በምትባል ከተማ የሚገኘው የኒቺቦ ክር ፋብሪካ ሠራተኞች። ቀን ሥራቸውን ይሠሩና ከሰዓት በኋላ ልምምድ ጀምረው እስከ እኩለ ሌሊት ይቆያሉ። አሠልጣኛቸው ሂሮቡሚ ዳይማትሱ ወድቀው ኳሱን ካነሱ በኋላ ተንከባለው በዚያው ፍጥነት መነሳትን አስተማራቸው። ጭካኔው ደስ አላለኝም፤ እናት ነኝና ልጅ እንደዚያ ሲለፋ ማየት አልወድም። ልጆቹን ግን ሳያቸው ራሴን አየሁ። ያ የክር ብናኝ ሳንባዬ ውስጥ አለ። ያ ከማሽን ወደ መረብ መሮጥ ያውቀኛል።

በቶኪዮ አካባቢ ቴሌቪዥን ካለው ቤት ከመቶው 67 ያህሉ ያንን ጨዋታ አይተዋል ይባላል። አምበሏ ማሳኤ ካሳይ ትባላለች። 31 ዓመቷ ነበር። ይኸው ስሟን እኔ አቃቂ ተቀምጬ አውቀዋለሁ።

ሹራብም እንዲሁ ነው። ኦታቪዮ ሚሶኒ የሚባል ጣሊያናዊ በፈረንጆቹ 1948 በለንደን ኦሊምፒክ በ400 ሜትር መሰናክል ለፍጻሜ ደርሶ ስድስተኛ ወጣ። እዚያው ኦሊምፒክ ላይ የጣሊያን ቡድን የለበሰውን የሹራብ ቱታ የሠራውም እሱ ከጓደኛው ጋር ነው። ኋላ በ1953 ከሚስቱ ከሮዚታ ጋር ጋላራቴ በምትባል ከተማ በጥቂት የሹራብ መኪና ሥራ ጀመሩ። ዚግዛግ ጥለታቸውን ያየ ሁሉ «የሚሶኒ ነው» ይላል። እንደዚያ መባል ለአንድ ሠሪ ምን ማለት እንደሆነ እኔ ነኝ የማውቀው።

ሩቅ ሳንሄድ ጎረቤታችንን ኬንያን ተመልከቱ። ሴቶቻቸው በመረብ ኳስ ኦሊምፒክ አራት ጊዜ ገብተዋል፤ ሲድኒ፣ አቴንስ፣ ቶኪዮና ፓሪስ። ክለቦቹን የያዙት የነዳጅ ማስተላለፊያው፣ ማረሚያ ቤቱ፣ ባንኩ ናቸው። የእኛዎቹ ልጆች ከእነሱ በቁመት ቢያንሱ እንኳ በእጅ ብልኃት አያንሱም። ይህን እንደ እናት ብቻ አይደለም የምለው፣ እንደ አሮጌ ተጫዋችም ነው።

ስለዚህ ክቡር አዘጋጅ፣ ልመናዬ ትንሽ ነው። የሴቶች መረብ ኳስ ውጤት ስታወጡ የተጫዋቾቹን ስም ጻፉ፤ የአመቻቿንም ጭምር። ቡድን ሲፈርስ ልጆቹ ደመወዛቸውን አግኝተው እንደሆነ ጠይቁ። በሴቶች ገጻችሁ የሹራብ ወይም የጥልፍ ፎቶ ስታወጡ የሱቁን ስም ብቻ ይዛችሁ አትሂዱ፤ «ጥለቱን ያወጣው ማነው?» በሉ። መልስ ካላገኛችሁ «አልነገሩንም» ብላችሁ ጻፉ።

የሚቀጥለው ቅዳሜ ጠዋት 3 ሰዓት ልጄ ትጫወታለች። የሜዳውን አድራሻ ከደብዳቤው ጋር አያይዣለሁ። ፎቶ አንሺያችሁን ብትልኩ እሷን ለማግኘት አይቸገርም፤ መለያዋ 7 ቁጥር ነው፣ እጅጌዋ ሰማያዊ ሹራብ። ጨዋታው ሲያልቅ ይጠጋትና ይጠይቃት፤ ስሟን ራሷ ትነግረዋለች።

ከአክብሮት ጋር
አንባቢያችሁ፣ የሹራብ ዲዛይነር
ከአቃቂ፣ አዲስ አበባ