ሎምጎ፦ የአማርኛ ቋንቋና ሥነ ጽሑፍ ክበብ የ2017 ዓ.ም. ዘገባ

ክበባችን በ2017 የትምህርት ዘመን ሥራውን ሲጀምር የያዘው ዕቅድ ከቀደሙት ዓመታት ብዙም የተለየ አልነበረም። ሐሙስ ሐሙስ ከመጨረሻው ክፍለ ጊዜ በኋላ መሰብሰብ፣ በየወሩ አንድ የግድግዳ ጋዜጣ ማውጣት፣ በወላጆች ቀን ግጥም ማቅረብ፣ ከሚኒ ሚዲያ ክበብ ጋር በመተባበርም በረፍት ሰዓት አጫጭር ዝግጅቶችን ማሰማት የቆዩ ተግባራቱ ናቸው። እነዚህ ሁሉ ተከናውነዋል፤ የግድግዳ ጋዜጣውም የሞዴል ፈተና ከተሰጠበት ወር በስተቀር ሳይቋረጥ ወጥቷል። ይሁን እንጂ ይህ ዘገባ በአብዛኛው ስለ አንድ ቃል ይሆናል፤ ከኅዳር ወር ጀምሮ የክበቡን ጊዜ የወሰደው፣ በሁለተኛው መንፈቀ ዓመትም አዳዲስ አባላትን ያመጣልን እርሱ ነውና።

ቃሉ ሎምጎ ነው። በየትኛውም መዝገበ ቃላት አይገኝም፤ እንዲህ ተብሎ የሚጠራ ፍሬም በምድር ላይ የለም። በኅዳር ወር ስለ ቃላት ምሥረታ በተወያየንበት ሳምንት፣ እያንዳንዱ አባል ለሌለ ፍሬ ስም አውጥቶ እንዲመጣ መልመጃ ሰጥቼ ነበር። ሁለት ግዴታዎች ብቻ አስቀመጥኩ፦ ስሙ ለአማርኛ ተናጋሪ አፍ የሚመች እንዲሆን፣ እንደማንኛውም ስም የብዙ ቁጥርንና የባለቤትነትን ምዕላድ ሳይቸገር እንዲቀበል። ከቀረቡት ስሞች ገሚሶቹ በእንግሊዝኛ የፍሬ ስሞች መጨረሻ ላይ የሚሰማውን «ቤሪ» በአማርኛ ቃል ላይ የለጠፉ በመሆናቸው ወዲያው ወደቁ። «ጣፍጤ» የሚለውም ከፍሬ ይልቅ የቤት ስም ይመስላል ተብሎ ቀረ። አንዲት የአሥረኛ ክፍል ተማሪ ሎሚንና ማንጎን አዳቅላ ያመጣችው ሎምጎ ግን በአንድ ድምፅ ተመረጠ። በእርሷ ገለጻ መሠረት ሎምጎ ልጣጩ እንደ ሎሚ አረንጓዴ፣ ውስጡ እንደ ማንጎ ቢጫ፣ መጀመሪያ የሚኮመጥጥ፣ ቆይቶ የሚጣፍጥ ነው።

ነገሩ በዚያው ቢያበቃ ኖሮ አንድ የተሳካ መልመጃ ብቻ በሆነ ነበር። አንድ አባል «የእውነተኛ ፍሬዎች ስም ግን የሚፈጠር አይደለም፤ ከፍሬው ጋር የመጣ ነው» ብሎ መከራከሩ ክርክሩን ወደ ቀጣዮቹ ሐሙሶች አሸጋገረው። አባላቱም በቡድን ተከፋፍለው በየጉሊቱና በየፍራፍሬ ቤቱ የሚሰሙትን ስሞች መዝግበው፣ ቤተ መጻሕፍት ገብተው ምንጫቸውን ፈለጉ። ብርቱካን የምንለው በዐረብኛ በኩል የመጣ ሲሆን በመሠረቱ የፖርቱጋል አገር ስም መሆኑን፣ ኮክም ከዐረብኛ መወረሱን አገኙ። ዘይቱን ዐረቦች ዘንድ የወይራ ፍሬ ሆኖ ሳለ እኛ ዘንድ ፈጽሞ የማይዛመድ ሌላ ፍሬ መጠሪያ ሆኗል። ከሁሉም ያስደነቃቸው ካዝሚር ነው። ብዙዎቹ በየግቢው ዛፉ ላይ ወጥተው የበሉትን ይህን ፍሬ ጥንት ከዚሁ የበቀለ የአገር ቤት ፍሬ አድርገው ያስቡት ነበር፤ ዛፉ ግን የመካከለኛው አሜሪካና የሜክሲኮ ተወላጅ ነው። ስሙም ካሲሚሮአ ከተባለው ሳይንሳዊ መጠሪያው የመጣ ሲሆን፣ እርሱ ደግሞ ካሲሚሮ ከሚል የሰው ስም የተወሰደ ነው።

የተከራካሪውን አባል አቋም ጨርሶ ያናወጠው ግን ኪዊ ነው። ተማሪዎቻችን ኪዊ ሲባል ቀድሞ የሚታያቸው በሊስትሮ ሳጥን ውስጥ ያለው የጫማ ቀለም ነው፤ «ኪዊ ይበላል እንዴ?» የሚለው ጥያቄም ስብሰባውን ለጥቂት ጊዜ አስተጓጉሎት ነበር። የሚገርመው ሁለቱም ኪዊዎች በስም ዘመዳሞች መሆናቸው ነው። የጫማ ቀለሙ እ.ኤ.አ. በ1906 በአውስትራሊያ ሲሠራ ስሙን የወሰደው የማይበር ከሆነው የኒውዚላንድ ወፍ ሲሆን፣ የሠሪው የዊልያም ራምሴ ባለቤት የዚያች አገር ተወላጅ ነበረች። ፍሬው ደግሞ ከወፉም ከኒውዚላንድም ጋር የሥጋ ዝምድና የለውም። የትውልድ አገሩ ቻይና ነው፤ እዚያም ስሙ የጦጣ ኮክ እንደማለት ነው። እ.ኤ.አ. በ1904 ኢዛቤል ፍሬዘር የተባለች የአንድ የኒውዚላንድ የሴቶች ትምህርት ቤት ርእሰ መምህርት ቻይና የምትኖር እኅቷን ጠይቃ ስትመለስ ዘሩን ይዛ ገባች፤ ተክሉም በ1910 አፈራ። ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመታት ፍሬው በእንግሊዝኛ ተናጋሪዎች ዘንድ የሚጠራው ከቻይና ጋር በተያያዘ ስም ነበር።

በ1959 ተርነርስ ኤንድ ግሮወርስ የተባለ የኒውዚላንድ ላኪ ድርጅት ፍሬውን ወደ አሜሪካ ሊያስገባ ሲነሣ፣ ገዢዎቹ ነባሩ ስም ለገበያ አይመችም አሉ። ድርጅቱ በመጀመሪያ ያሰበው «ሜሎኔት» የሚል ስም ነበር፤ ትንሿ ሐብሐብ እንደማለት ነው። ይህም ስም ውድቅ ሆነ፤ ምክንያቱ ግን ማስቀየሙ ወይም አለመጣፈጡ ሳይሆን፣ በዚያን ጊዜ የሐብሐብ ዓይነቶች በአሜሪካ ከፍተኛ የጉምሩክ ቀረጥ የሚከፈልባቸው መሆኑ ነው። በምትኩ ኪዊ የሚለው ስም ተመረጠ፤ ጸጉራም ቡናማ ልጣጩም ወፉን ሳያስታውስ አልቀረም። በአባላቱ ዘንድ ብዙ ክርክር ያስነሣው ይህ ነጥብ ነው፤ የአንድ ፍሬ መጠሪያ በገጣሚ ወይም በሊቅ ሳይሆን በቀረጥ ተመን ሊወሰን መቻሉን ለመቀበል የተቸገሩ ነበሩ። እኔ በበኩሌ ከዚህ ይልቅ የሚያስደንቀኝ ከዚያ ወዲህ የሆነው ነው። ስሙ በሕግ የተጠበቀ ባለመሆኑ ሌሎች አገሮችም ፍሬውን እያመረቱ ኪዊ ብለው ሸጡት፤ ኒውዚላንዶችም ምርታቸውን ለመለየት በ1997 «ዜስፕሪ» የሚል፣ በየትኛውም ቋንቋ ትርጉም የሌለው ሌላ ፈጠራ ስም ለማውጣት ተገደዱ። የቻይና ነጋዴዎች ደግሞ ኪዊ የሚለውን ድምፅ ተከትለው «ቺዪጉኦ» በማለት ወደ አገሩ መለሱት፤ ትርጉሙም አስገራሚ ፍሬ እንደማለት ሆነ። ስለዚህ ዛሬ በትውልድ አገሩ አንዱ ፍሬ በሁለት ስም ይጠራል።

ይህን ሁሉ ያወሳሁት የጥናቱ ውጤት ለሎምጎ ድፍረት ስለሰጠው ነው። ከገና በኋላ ቃሉ ከክበቡ ወጥቶ በግቢው ይሰማ ጀመር። በመጀመሪያ የተሰማው ከትምህርት ቤቱ በር ማዶ ባለው የጭማቂ ቤት ሲሆን፣ ተማሪዎች ማንጎ በሎሚ ሲፈልጉ «ሎምጎ ስጠን» ማለት ጀመሩ፤ ሻጩም ሳይጠይቅ ያቀርብላቸው ነበር። በዚህ ላይ አንድ ተገቢ ተቃውሞ ተነሣ፦ ስፕሪስ የሚባል ቃል እያለ ሎምጎ ለምን አስፈለገ? መልሱን ያገኙት ራሳቸው ናቸው። ስፕሪስ የተደራረበ ነው፤ አቮካዶው ከታች፣ ፓፓያው ከላይ፣ ወሰናቸውን ጠብቀው በብርጭቆው ይታያሉ። ሎምጎ ግን የተዋሐደ ነው፤ የትኛው የት እንዳለ አይታወቅም። ይህ ልዩነት ከማንም ሳይነገራቸው በቃሉ አጠቃቀም የጸና መሆኑን፣ ቃሉ በተሰማ ቁጥር ዓረፍተ ነገሩን የምንመዘግብባቸው ካርዶቻችን ያሳያሉ።

ቀጥሎ ቃሉ ከፍሬነት ወጣ። ይህም በአማርኛ እንግዳ ነገር አይደለም፤ ቁልቋል ከአጋም ተጠግቶ ሲያለቅስ ይኖራል ስንል ስለ እሾህና ስለ ወተት መሳይ ፈሳሽ ብቻ አናወራም፤ ሾላ በድፍን ስንልም ሳይከፈትና ሳይመረመር የተወሰደን ነገር ሁሉ ማለታችን ነው። ሎምጎም የማይገጣጠሙ ነገሮች ውሕደት ሆነ። ከሁለት ምዕራፍ የተቀላቀለ ጥያቄ ሎምጎ ጥያቄ ተባለ፤ ግማሽ ክረምት ግማሽ በጋ የመሰለው የየካቲት ሰማይም በሚኒ ሚዲያ የአየር ሁኔታ ዝግጅት ላይ በዚሁ ስም ተጠራ። እንግሊዝኛና አማርኛ እያቀላቀለ የሚናገርም ሎምጎ ይናገራል ተባለ፤ በዚህ ረገድ መምህራንም አልተረፍንም፤ እኔም በመምህራን ማረፊያ ክፍል ተብያለሁ።

በሰዋስው በኩል ያየነው ግን ከሁሉ ይበልጣል፤ ይህን ክፍል ሰፋ አድርጌ ብጽፍ አንባቢ ይታገሠኝ። ሎምጎ ሲፈጠር ስም ነበር። ይሁን እንጂ ቅርጹ «ሞክሮ» ከሚለው ቦዝ አንቀጽ ጋር አንድ ነው፤ የተማሪዎቹ ጆሮም ይህን ሳይነገረው አወቀ። ሞክሮ የሚል ሞከረ እንደሚል፣ ሎምጎ የሚልም ሎመገ ማለት ጀመረ። «ማስታወሻዬን ሎመገችብኝ»፣ «አትሎምግ»፣ «የሁለት ክፍል ውጤት ተሎምጓል» የሚሉ ዓረፍተ ነገሮች በተለያዩ ክፍሎች ተመዝግበዋል። ሙከራ ባለበት ሉመጋ መጣ፤ ይህን የሰማነው ከሰባተኛ ክፍል ተማሪ ሲሆን፣ ክበባችን ከዘጠነኛ ክፍል በታች አባል ስለሌለው ቃሉን ማንም አላስተማረውም ማለት ነው። ሎሚና ማንጎ በውስጡ መኖራቸውን ጨርሶ የማያውቅ ተናጋሪ ግሡን በትክክል ሲያረባ መስማት፣ በእኔ ግምት፣ በጥቁር ሰሌዳ ላይ ስንት የርባታ ሠንጠረዥ ከመሙላት ይልቅ የቋንቋውን አሠራር ያሳያል። በነገራችን ላይ የግቢው ጥበቃ አባባ ሎመገ የሚለውን ለገመ እያሉ ይሰሙት ስለነበር፣ ተማሪዎቹ ስለ ስንፍናቸው በግልጽ የሚያወሩ መስሏቸው ለብዙ ሳምንት ሲመክሯቸው ቆይተዋል።

በመጋቢት ወር ያላሰብነው አገልግሎት ተሰማ። ከሌላ አካባቢ ተዛውረው የመጡና አነጋገራቸው ከክፍሉ የተለየ ተማሪዎች በአንዳንድ ጓደኞቻቸው ሎምጎ ተብለው መጠራታቸው ለክበቡ ደረሰ። ክፍል ኃላፊዎች ጉዳዩን በየክፍላቸው ተነጋግረውበታል፤ አጠራሩም ቀንሷል፤ ፈጽሞ ጠፍቷል ግን አልልም። ክበቡ ለሁለት ሐሙስ የተከራከረው ይህ ትርጉም በምናዘጋጀው የቃሉ መዝገብ ይግባ አይግባ በሚለው ላይ ነበር። ቃሉን የፈጠረችው ተማሪ እንዳይገባ አጥብቃ ጠየቀች፤ ፍሬ እንጂ ስድብ አልፈጠርኩም አለች። ሌሎች ደግሞ የተነገረ ሁሉ ሊመዘገብ ይገባዋል፣ መዝገብ የሚያስውበውን ብቻ ከመረጠ ማስታወቂያ ይሆናል አሉ። እኔ ከሁለተኞቹ ጋር ነበርኩ፤ ቃሉም «ለማንቋሸሽ የሚነገር» ከሚል ምልክት ጋር ገብቷል። የፈጣሪዋ ተቃውሞም በዚያው ካርድ ጀርባ በገዛ እጇ ተጽፎ ይገኛል።

ሌላው አከራካሪ ጉዳይ ፈተና ነው። በሁለተኛው መንፈቀ ዓመት በአንድ የድርሰት ፈተና ላይ ሎመገ የሚለው ግስ ተጽፎ በመገኘቱ፣ አራሚው ባልደረባዬ ነጥብ ቀንሰው ክበቡን ቋንቋ በማበላሸት ወቅሰዋል። በነጥቡ እስማማለሁ፤ በምክንያቱ አልስማማም። ነጥቡ ሊቀነስ የሚገባው ቃሉ የተፈጠረ ስለሆነ ሳይሆን፣ ድርሰቱ የተጻፈው ቃሉን ለማያውቅ አንባቢ ስለሆነ ነው። ኪዊም በ1958 በጋዜጣ ቢጻፍ አንባቢ ወፍ ነበር የሚመስለው። ባልደረባዬ በክበቡ ስብሰባ ተገኝተው ሐሳባቸውን ለአባላቱ እንዲያስረዱ ተጋብዘው መጥተዋል፤ ክርክሩም ሞቅ ያለና ጨዋነት ያልተለየው ነበር። በመጨረሻ እርሳቸውም ሳያውቁት «ነገሩን አትሎምጉት» በማለታቸው ስብሰባው በሳቅ ተበትኗል።

የዓመቱ ዋና ፍሬ የቃሉ መዝገብ ነው። እያንዳንዱ ካርድ ቃሉ የተሰማበትን ዓረፍተ ነገር እንዳለ፣ የተሰማበትን ወርና ቦታ፣ የተናጋሪውን የክፍል ደረጃ ይይዛል፤ የተናጋሪ ስም አይጻፍም። ለናሙና አንዱን አቀርባለሁ፦ «ሎምጎ፤ ቅጽል፤ ሁለት ጠባይ በአንድ ጊዜ የሚታይበት። ‹ዛሬ መምህሩ ሎምጎ ናቸው፤ ይቆጣሉ፣ ይስቃሉ።› የካቲት፤ መተላለፊያ፤ ዘጠነኛ ክፍል።» ቃሉ ብዙ ቁጥርን ሎምጎዎች፣ ባለቤትነትን ሎምጎዬ፣ ቀለምን ሎምጎማ እያለ ተቀብሏል፤ የመጨረሻው ግን ብርቱካናማን ተከትሎ ከሥዕል ክበብ የመጣ እንጂ ከግቢው የተሰማ ባለመሆኑ ለብቻው ተቀምጧል።

ከግንቦት ወዲህ አዲስ የገባ ካርድ ጥቂት ነው። የፈተና ወቅት መሆኑ አንዱ ምክንያት ሲሆን፣ ቃሉ ስለ ለመደ አባላቱ ሲሰሙት ልብ አለማለታቸውም ሌላው ይመስለኛል። የጭማቂ ቤቱ ግን በሰኔ መጀመሪያ ሎምጎን በዋጋ ዝርዝሩ ላይ ከስፕሪስ በታች ጽፎታል።

ካርዶቹ በቤተ መጻሕፍቱ የማጣቀሻ ክፍል ተቀምጠዋል፤ ማንኛውም ተማሪ ወይም መምህር ሊያያቸውና አዲስ ሊጨምር ይችላል። የአሥራ ሁለተኛ ክፍል አባላት ስለተለዩን የመዝገቡ አዘጋጅ ቡድን ቦታ ክፍት ነው። ምዝገባ በመስከረም ሁለተኛ ሳምንት በክበቡ ክፍል ይካሄዳል፤ የሰባተኛና የስምንተኛ ክፍል ተማሪዎችም ከመጪው ዓመት ጀምሮ በአባልነት እንዲገቡ ለትምህርት ቤቱ አስተዳደር ጥያቄ አቅርበናል።